የካሳ ቁራኛ

አባቴ ወረቀቶቹን የሚያኖረው በአሮጌ ፌስታል ነው። ፌስታሉን አጣጥፎ በነጠላ ይጠቀልልና በብብቱ ሸጉጦት ይሄዳል። በ2014 ዓ.ም. ጥቅምት ላይ ወደ ወረዳው ከተማ አብሬው የሄድኩ ቀን፣ ከቢሮው በር ፊት ካለው አግዳሚ ላይ ተቀምጠን አንድ በአንድ አወጣልኝ። መጀመሪያ የይዞታ ደብተሩን፣ ቀጥሎ የግምት ቅጹን።

ቅጹን ተቀብዬ አነበብኩት። ባህር ዛፍ ትልቅ 212፣ መካከለኛ 340፣ ችግኝ 95። ጌሾ 18 እግር። የድንጋይ ካብ 64 ሜትር። የጤፍ ማሳው በካሬ ሜትር፣ ምርቱ በኩንታል፣ ዋጋው በዚያ ዓመት የገበያ ሒሳብ። ከግርጌ የገማቾቹ ስምና ፊርማ፣ ክብ ማህተም፣ ቀኑም ሚያዝያ 2013። በስተቀኝ የአባቴ የአውራ ጣት አሻራ በሐምራዊ ቀለም ታትሟል።

«ዛፉን ሲቆጥሩ አብሬያቸው ነበርኩ» አለኝ። «አንድም አልዘለሉብኝ። እግዜር ይስጣቸው፣ ደህና አድርገው ነው የገመቱት።»

ግምቱ በተፈረመ በወሩ ግሬደሩ ገባ። ክረምቱ ሳይብት ባህር ዛፉ ተገንድሶ፣ ካቡ ፈርሶ፣ ማሳው ለመንገድ ተደልድሎ ነበር። አባቴ በዚያ ዓመት ጤፍ አልዘራም። ብሩ ግን አልመጣም።

በሩ ተከፍቶ ገባን። የተቀበለን ወጣት ባለሙያ ትሑት ሰው ነው፤ ተነስቶ ወንበር ሰጠው።

«አባባ፣ በጀቱ ገና አልተለቀቀም። ሲለቀቅ እንደውልልዎታለን።»

«መቼ ይሆን ልጄ?»

«እሱን እኔም አላውቅም። በየወሩ ብቅ እያሉ ይጠይቁ።»

እኔ ጣልቃ ገብቼ፣ አሁን ያልከንን በደብዳቤ ልትሰጠን ትችላለህ ወይ አልኩት። ልጁ ከልቡ ግራ ገባው። «ምን ብዬ ልጻፍ? ውሳኔ እኮ አይደለም» አለኝ።

ያን ቀን የሰማሁትን ይህን ቃል አልረሳሁትም። ከዚያ ወዲህ ያነጋገርኳቸው ጠበቆችና ያነበብኳቸው የፍርድ መዛግብት ሁሉ ወደዚያው መልሰውኛል። በካሳ ጉዳይ ዜጋን የሚጎዳው ትንሽ ግምት ብቻ አይደለም። ግምቱ ቢያንስ ሕጉ መንገድ አበጅቶለታል፤ ባለይዞታው ይቃወማል፣ ይግባኝ ይላል። ዝምታ ግን ቁጥርም ቀንም ስለሌለው ይግባኝ የሚባልበት ነገር አይገኝም።

አያቶቻችን ሙግት ያውቁ ነበር። በዚያ ዘመን ከሳሽና ተከሳሽ፣ አበዳሪና ተበዳሪ ነገራቸው እስኪቆረጥ በቁራኛ ይያዙ ነበር። የሁለቱ ልብስ ጫፍና ጫፉ ይቋጠራል፤ ጠንከር ሲል እጃቸው በአንድ ሰንሰለት ይታሰራል፤ እንደዚያው ሆነው ወደ ዳኛ ይሄዳሉ። ልማዱ ብዙ ግፍ ነበረበትና ይመለስ የሚል የለም። አንድ ነገር ግን በትክክል ይዞ ነበር። ነገሩ በዘገየ ቁጥር የሚቸገሩት ሁለቱም ስለነበሩ፣ ጉዳዩ ቶሎ እንዲያልቅ ሁለቱም ይፈልጋሉ።

ዛሬ በልማት ምክንያት መሬቱን የለቀቀ ገበሬ በቁራኛው የተያዘው ብቻውን ነው። በየወሩ የመኪና የሚከፍለው፣ ሳያርስ ሳያፍስ የሚከርመው እሱ ነው። ቢሮው ግን ዘገየ ብሎ የሚያጣው የለም። መንገዱ ተሠርቷል፣ ባለሙያው ደመወዙን ያገኛል፣ የካሳው ዋጋም በተገመተበት ዓመት ላይ ቆሞ ይጠብቀዋል። እንዲያውም ብር ዋጋ እያጣ በሚሄድበት አገር የዘገየ ከፋይ ያተርፋል። ስለዚህ ስለ ፍርድ ቤት መፍትሔ ስናወራ ጥያቄው አንድ ነው፤ ቢሮውንም በቁራኛው የሚይዝ ፍርድ እንዴት ይገኛል?

የሕጉ መሠረት ጠንካራ ነው። በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 40 ንዑስ አንቀጽ 8፣ መንግሥት ለሕዝብ ጥቅም የግል ንብረትን የሚወስደው ተመጣጣኝ ካሳ «በቅድሚያ» ከፍሎ እንደሆነ ይደነግጋል። አርሶ አደሩ የመሬቱ ባለቤት ባይሆንም፣ በላቡ ያፈራውና የገነባው የግል ንብረቱ ነው። አንቀጽ 44 ደግሞ በመንግሥት ፕሮግራም የተፈናቀሉ ሰዎች ተመጣጣኝ ካሳ የማግኘት መብት እንዳላቸው ይናገራል። አንቀጽ 37 በፍርድ ሊወሰን የሚገባ ጉዳይ ያለው ሰው ሁሉ ለፍርድ ቤት አቅርቦ ውሳኔ እንዲያገኝ ይፈቅድለታል።

ዝርዝሩን የያዙት አዋጆች ናቸው። የ1997ቱ አዋጅ ቁጥር 455 መሬቱን በቋሚነት ለሚለቅ ገበሬ የአምስት ዓመት አማካይ ዓመታዊ ገቢውን በ10 አባዝቶ ይከፍል ነበር። ቅሬታ በማቅረብ ብቻ ርክክቡ እንደማይቆም፣ ይግባኝ የሚለውም መሬቱን ማስረከቡን የሚያሳይ ማስረጃ አያይዞ እንደሆነ ይኸው አዋጅ ይደነግግ ነበር። የተተካው በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 ሲሆን፣ ይህኛው ካለፉት ሦስት ዓመታት ከፍተኛውን ዓመታዊ ገቢ ወስዶ በ15 ያባዛል። ቅሬታ በ30 ቀን ውስጥ ለአቤቱታ ሰሚ አካል ይቀርባል፤ በውሳኔው ያልተስማማ ለይግባኝ ሰሚ ጉባኤ፣ ከዚያም ለከፍተኛ ፍርድ ቤት ይግባኝ ይላል። በ2016 ዓ.ም. የወጣው ማሻሻያ ደግሞ የካሳ ክፍያውን ኃላፊነት በክልሎችና በከተማ አስተዳደሮች ላይ አድርጓል።

እነዚህ ድንጋጌዎች የሚቆጥሩት የማንን ቀን እንደሆነ ልብ በሉ። 30 ቀን ያለፈበት ባለይዞታ ቅሬታው ይዘጋበታል። የባለይዞታው ሰዓት መቁጠር የሚጀምረው ደግሞ ወረቀት ሲደርሰው ነው። ወረቀት ካልደረሰው አያልቅበትም፣ ግን አይጀምርለትምም። አባቴን የገጠመው ይህ ነው። በግምቱ ላይ ቅሬታ የለውም። ለአቤቱታ ሰሚው ቢሄድ «የተቃወሙት ውሳኔ የትኛው ነው?» ይሉታል። የተከለከለ ነገር የለም፤ የተሰጠም የለም።

ለዝምታው ምክንያት የሚሆነው ክፋት ብቻ እንዳልሆነም መናገር ይገባል። አንዱ አካል ይገምታል፣ ሌላው ገንዘቡን ይመድባል፣ ሦስተኛው ይከፍላል። በደብተሩ ላይ ያለው የአያት ስም ከመታወቂያው ጋር ባንድ ፊደል ቢለያይ ዶሴው ይመለሳል። የገመተው ኮሚቴ ተቀይሮ አዲሱ «እንደገና እናጣራ» ይላል። የበጀት ዓመቱ ሰኔ 30 ይዘጋና ያልተከፈለው ለሐምሌ ይተላለፋል። እያንዳንዱ ለብቻው ሲታይ ምክንያት ነው፤ ተደማምሮ ግን የአንድ ሰው እድሜ ይበላል።

እድሜ ይበላል ስል ቃል ማጋነኔ አይደለም። በሰሜን ህንድ ሂማቻል ፕራዴሽ ግዛት፣ ሃሚርፑር በሚባል አካባቢ የሚኖሩ አንዲት ያልተማሩ ባላገር ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ1967 እና በ1968 መካከል ግዛቱ ከናዳውን ወደ ሱጃንፑር ለሚሄድ መንገድ መሬታቸውን ወሰደው። የማስነሻ ሥርዓት አልተካሄደም፣ ካሳም አልተከፈለም። እሳቸው መብት እንዳላቸው እንኳ አያውቁም ነበር። ያወቁት እ.ኤ.አ. በ2004 የከሰሱት ጎረቤቶቻቸው ሲረቱ ነው። በ2010 እሳቸውም ወደ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ሄዱ። ፍርድ ቤቱ በ2013 «መደበኛ የፍትሐ ብሔር ክስ ያቅርቡ» ብሎ መለሳቸው።

ጉዳዩ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሲደርስ የ80 ዓመት ባልቴት ነበሩ። ግዛቱ ሁለት መከራከሪያ ይዞ ቀረበ። አንደኛው፣ መሬቱን ለ42 ዓመት ስለያዝኩት በይዞታ ብዛት የእኔ ሆኗል የሚል። ሁለተኛው፣ ሴትዮዋ ዘግይተዋል የሚል። ያልከፈለው አካል ከፋይ ያጡትን ሴት «ዘገዩ» ብሎ ከሰሳቸው ማለት ነው። ዳኞቹ ኢንዱ ማልሆትራና አጃይ ራስቶጊ እ.ኤ.አ. ጃንዋሪ 8 ቀን 2020 በሰጡት ፍርድ ሁለቱንም ጣሉት። ለዜጎቹ ደኅንነት የቆመ መንግሥት የገዛ ዜጋውን መሬት በይዞታ ብዛት ወረስኩ ሊል አይችልም አሉ። በደሉ ያላቋረጠ ሲሆንና የፍርድ ቤትን ኅሊና የሚያናውጥ ሲሆን፣ መዘግየት ለበዳዩ መከላከያ እንደማይሆንም ወሰኑ። ከዚያ «ሂዱና እንደገና ጀምሩ» አላሏቸውም። መሬቱ በሕግ እንደተወሰደ ተቆጥሮ ጎረቤቶቻቸው ባገኙት ሒሳብ፣ ከነወለዱ፣ በ8 ሳምንት ውስጥ ይከፈላቸው ሲሉ አዘዙ።

እኔን የያዘኝ «8 ሳምንት» የሚለው ነው። በ52 ዓመት ውስጥ በቢሮው ላይ ቀን የተቆረጠው ያን ጊዜ መሆኑ ነው። ጠበቆች ስለ ካሳ ሲከራከሩ ስለ ብሩ መጠን ብዙ ይላሉ፤ ለተፈናቀለ ሰው ግን ከመጠኑ እኩል የሚያስፈልገው የተቆረጠ ቀን ነው።

ህንዶች ይህን በሕጋቸውም ውስጥ አስገብተውታል። እ.ኤ.አ. ከ2014 መግቢያ ጀምሮ ሥራ ላይ የዋለው የመሬት ማስለቀቂያ ሕጋቸው፣ ባለመሬቱ ግምቱን ሲቃወም ሹሙ አቤቱታውን በ30 ቀን ውስጥ ለዳኝነት አካሉ እንዲመራ ያስገድዳል። ሹሙ ዝም ካለስ? ባለመሬቱ በቀጥታ ለዳኝነት አካሉ ያመለክታል፤ እሱም ሹሙን በሌላ 30 ቀን ውስጥ እንዲመራ ያዘዋል። ዝምታ ራሱ አቤት የሚባልበት ጉዳይ ሆነ ማለት ነው። ገንዘቡ ሳይከፈል መሬቱ ከተያዘ ደግሞ ለመጀመሪያው ዓመት 9 በመቶ፣ ከዚያ በኋላ በየዓመቱ 15 በመቶ ወለድ ይታሰባል። በቆየ ቁጥር የሚከብደው በከፋዩ ላይ ነው። ይህ ነው በሰለጠነ መልኩ የተመለሰው ቁራኛ።

ወለዱም የማይበቃበት ጊዜ አለ። ከባንጋሎር ወደ ማይሶር ለሚዘረጋው አውራ ጎዳና የተወሰዱ ቦታዎች ነበሩ። ማስታወቂያው እ.ኤ.አ. በ2003 ወጣ፣ ቦታው በ2005 ተያዘ፣ የካሳ ውሳኔው ግን የተሰጠው በኤፕሪል 2019 ነው፤ ያውም ባለቦታዎቹ ፍርድ ቤት በመድፈር ክስ ካቀረቡ በኋላ። የተሰላውም በ2011 ዋጋ ነበር። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ እ.ኤ.አ. ጃንዋሪ 2 ቀን 2025 በሰጠው ፍርድ የግምቱን ቀን ራሱን አንቀሳቀሰው፤ ዋጋው በ2019 ገበያ ይሰላ፣ በሁለት ወርም ይለቅ ብሎ አዘዘ። የዛሬ ገንዘብና የነገ ገንዘብ አንድ እንዳልሆነ በፍርዱ ላይ አስፍሯል።

ይህን ከህንድ ቀድሞ ያለው የአውሮፓ የሰብዓዊ መብቶች ፍርድ ቤት ነው። ከቱርክ የቀረበለት፣ ለግድብ የተወሰደ መሬት ጉዳይ ነበር። አገሪቱ ተጨማሪ ካሳውን ለ17 ወር አዘገየች፤ ከፍላለሁ ያለችው ወለድ በዓመት 30 በመቶ ሲሆን የዋጋ ንረቱ 70 በመቶ ነበር። ፍርድ ቤቱ እ.ኤ.አ. በ1997 በሰጠው ውሳኔ የንብረት መብት ተጥሷል አለ። ከዋጋ ንረት በታች የሆነ ወለድ የሚከፍል መንግሥት ከዜጋው ኪስ እየወሰደ ነው ማለት ነው። የአገራችንን የጤፍና የሲሚንቶ ዋጋ የሚያውቅ አንባቢ ይህን ሒሳብ ማንም ሳይነግረው ይሠራዋል።

ወደ ፌስታሉ ልመለስ። በ2015 መጋቢት ወር አባቴን ጠበቃ ዘንድ ወሰድኩት። ጠበቃዋ ወረቀቶቹን በጠረጴዛው ላይ ዘርግታ ብዙ ሰዓት አየች። ከዚያ ሁለት ነገር ነገረችን። የመጀመሪያው ደስ አሰኘን። «እናንተ ግምቱን አትቃወሙም። የገመተው ራሱ መንግሥት ነው፤ ፈርሟል፣ አትሟል። ስለዚህ ይህ የካሳ ክርክር አይደለም፣ የታወቀ ዕዳ ነው። በይግባኝ ሳይሆን በቀጥታ ክስ ይክፈለኝ ብለን እንጠይቃለን» አለች።

ሁለተኛው አሳዘነን። «አባባ፣ በእነዚህ ሁሉ ወራት ሲመላለሱ የጻፉት ማመልከቻ የታለ?» አለችው። አባቴ ሁለት ዓመት ሙሉ በቃሉ ነበር የሚጠይቀው። በፌስታሉ ውስጥ የተገኘው አንድ ብቻ ነው፤ እሱም እኔ በዚያ ጥቅምት ቀን ጽፌ ለመዝገብ ቤት ያስገባሁት። ቀሪው ላይ «ገቢ» የሚል ማህተም፣ ቁጥርና ቀን አለበት። ከሁለት ዓመቱ ደጅ ጥናት ፍርድ ቤት ሊያየው የሚችለው ያ የማህተም ክብ ብቻ ነበር።

ክሱ ቀረበ። የቢሮው ነገረ ፈጅ የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ አነሳ፤ የካሳ ጉዳይ በአቤቱታ ሰሚ በኩል ሳያልፍ ፍርድ ቤት አያየውም አለ። ዳኛዋ ወደ አባቴ ቀና ብለው «ግምቱ ያንስብኛል ብለው ነው የመጡት?» ሲሉ ጠየቁት። አባቴ ቆሞ፣ ነጠላውን አስተካክሎ፣ «የለም ክብርት ዳኛ። የቆጠሩልኝን ነው የምለው» አላቸው። መቃወሚያው ውድቅ ሆነ። በታኅሣሥ 2016 ተፈረደልን፤ ባለመክፈላቸው የአፈጻጸም መዝገብ ተከፍቶ ገንዘቡ የገባው በግንቦት ነው።

ይህ መንገድ ሁልጊዜ ክፍት ነው ብዬ አላታልላችሁም። ብዙ ዳኞች በመቃወሚያው ተስማምተው መዝገቡን ይዘጋሉ፤ ባለጉዳዩም ውሳኔ የማይሰጥ ቢሮ ዘንድ ተመልሶ ውሳኔ ይለምናል። በእኔ እምነት ይህ ስህተት ነው። አስተዳደራዊ መንገዱን ጨርስ የሚባለው መንገዱ መጨረሻ ካለው ነው። ቢሮው አልመልስም ብሎ መንገዱን ከዘጋ፣ ፍርድ ቤቱ ቢያንስ «በዚህን ያህል ቀን ውስጥ ወስን፣ ወስነህም ክፈል» ብሎ ማዘዝ ይችላል፣ አለበትም። ይህ ለአስፈጻሚው መወሰን ሳይሆን እንዲወስን ማድረግ ነው። በ2012 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183 የአስተዳደር ውሳኔዎች በፍርድ ቤት እንዲከለሱ በር ከፍቷል። ክልሎችም ዝምታን በግልጽ የሚይዝ፣ ቀን የሚቆርጥ ተመሳሳይ ሕግ ያስፈልጋቸዋል።

አንባቢዬ፣ መሬቱ የተገመተበት ዘመድ ካለህ ይህን ንገረው። ግሬደሩ ከመግባቱ በፊት ከሆነ፣ «በቅድሚያ» የሚለውን ቃል ይዞ ሁከት ይወገድልኝ ብሎ መክሰስን ከጠበቃ ጋር ይምከርበት፤ ይህ ክስ ሁከቱ ከተፈጠረ ከሁለት ዓመት በኋላ አይሰማም። መሬቱ ከሄደ ደግሞ በቃል አይጠይቅ። በየጊዜው በጽሑፍ ይጠይቅ፣ ቀሪውን አስመትቶ ይያዝ። የሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋምም ማመልከቻ ይቀበላል፤ የሚሰጠው ምክረ ሐሳብ እንደ ፍርድ አይፈጸምም፣ ግን ዝምታውን በወረቀት ላይ ያወጣዋል። ያቺ የገቢ ማህተም ሌላም ሥራ አላት። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕጋችን፣ ገንዘብ መክፈል እያለበት ያዘገየ ባለዕዳ ማስጠንቀቂያ ከደረሰው ቀን ጀምሮ በዓመት 9 በመቶ ወለድ እንዲከፍል ያዛል። ግምቱ በተረጋገጠ ካሳ ላይ ይህ የማይሠራበት ምክንያት አይታየኝም። ግን መጠየቅ አለበት፤ ዳኛ ያልተጠየቀውን አይፈርድም።

የአባቴ ካሳ የተከፈለው በቅጹ ላይ በተጻፈው ልክ ነው፤ አንድ ብር አልተጨመረም፣ አንድ ብር አልጎደለም። በ2013 ዋጋ ሁለት በሬና ባለ ሁለት ክፍል የቆርቆሮ ቤት ይወጣው የነበረ ገንዘብ፣ በ2016 የቤቱን ጣሪያና ማገር ብቻ ቻለ። በሬ አልተገዛም፣ ግድግዳው እስካሁን አልተመረገም፤ አባቴ የሚኖረው እህቴ ቤት ነው። የክስ ማመልከቻችንን ግልባጭ ከፌስታሉ አውጥቼ እንደገና አነበብኩት። አራት ገጽ ነው። ወለድ የሚል ቃል የለበትም።